ያልተረገጠ ሣር

ብስክሌት ጠጋኝ ነበር ወንድሜ አንዳርጌ፣
ሱቁም ዳንግላ ላይ፣ ከጨው ተራ ግርጌ።
አንድ ማክሰኞ ለት ስኳር ገዝቼ ብመጣ፣
ከመጠቅለያው ላይ አንድ ፎቶ ወጣ፦
አሸዋማ ሜዳ፣ ባሕር ከበስተኋላ፣
ድርብ የጨርቅ ክንፍ፣ ከሥሩ ቀጭን ጥላ፣
አንዱ ሰው በሆዱ ተኝቶ ክንፉ ላይ፣
ሌላው ከጎን ሮጦ፣ ቀጥ ብሎ ሲያይ።
መምህር ፈንቴ መነጽሩን ጠርጎ አነበበና
«ወንድማማች ናቸው፤ ሙያቸው እንዳንተ፣ የብስክሌት ጥገና»
አለው።

ያን ሌሊት አልተኛ። ሱቁን ዘግቶ ዋለ፣
ከቄራው ሜዳ ላይ በጀርባው ተንጋለለ፣
ጥንብ አንሳ ሊማር፣
ክንፉን ሳያራግብ
የላባውን ጫፍ ጠምዞ ነፋስ እንደሚያነብ።

«ጎማ ሲነፋ ኖሮ ራሱም ተነፋ!»
አለ ጠላ ቤቱ፣ ሳቁ እንደ ጠላው አረፋ።

እንጅባራ ወጥቶ ጫነ ቀርከሃውን፣
ከዋንዛ ጠረበ የአየር መቅዘፊያውን።
እናቴ አቡጀዲዋን ከሳጥን አወጣች፣
ለመግነዟ ያኖረችውን፤
«ወርጄበት ከሚቀር፣ ልጄ ይውጣበት» አለች።
በተልባ ዘይት ነክረን ገመድ ላይ ሰጣን፤
ጎረቤት ጠየቀ፦ «የማን ሠርግ? የማን ድንኳን?»

ቀረ እንግዲህ ሞተሩ።
ግራዝማች ጓንጉል የወፍጮ ጌታ ናቸው፣
እሑድ አያስፈጩም፣ ሰንበት ይዟቸው።
አንዳርጌ ለመነ፦ «ሳምንት ለለፋ ብረት
ሥራ አይደለም ጌታዬ፣ ሽርሽር ነው በሉት።»
ሳቁና ፈቀዱ። ስድስት ሰው ተሸክሞ
እንደ ሬሳ አመጣው፣ እያረፈ፣ ቆሞ።
መምህሩ ራሱን ነቀነቀ፦ «እነዚያ ልጆች
የራሳቸውን ሠሩ፣ ከቀላል ብረቶች፤
ይኼ የጤፍ ነው።»

ዋዜማውን ማታ፣ ሰንሰለት ሲቀባ፦
«እዚያ ሁለት ነበሩ፤ አንዱ አየር ሲገባ
አንዱ ምድር ቀረ፣ ለማየት። አንቺ ነሽ
ሁለተኛው ወንድም፤ ስምሽም ይታይሽ።
በሆድሽ ተኚና ጎማውን ጠብቂ፣
ከሥሩ ብርሃን ቢያልፍ አንቺ ነሽ የምታውቂ።
እኔ ላይ ሆኜ አላየውም።»

ጥቅምት፣ እሑድ ማለዳ፣ ቅዳሴ ሳይወጣ፣
ሞተሩ አስነጠሰ፣ ጢስ ተፋ፣ ተቆጣ፣
ፈረሶች ካስማቸውን ነቅለው ፈረጠጡ፣
ጎማዎቹ ጤዛው ላይ እየነጠሩ መጡ፣
ጉንጬን ከጭቃው ጋር አጣበቅሁ፣
አየሁ፦
ከሣሩ ጫፍና ከጎማው መሀል
አንድ ስንዝር የማትሞላ፣ በበር ስንጥቅ የምትገባ ያህል
ብርሃን።

ከዚያ ቀርከሃው ጮኸ፣ ክንፉ ተሰበረ፣
የእናቴ አቡጀዲ ጭቃ ላይ ተዘረረ።
ከአፍንጫው ደም እየወረደ «አየሽ?» አለኝ።
«አየሁ።»
ተሸካሚዎቹ ግን፦ «ተንፏቀቀ እንጂ መች በረረ?»
መምህር ፈንቴም ያን ጊዜ
መነጽሩን እየጠረገ ነበረ።

እጁን ይዤ አሳየሁት፦ ጤዛው ላይ ሁለት ጭረት
ይሄዳል፣ ይሄዳል፣ ይጠፋል በድንገት።
አራት እርምጃ ሣር ቀና እንዳለ ቆሟል፣
ጤዛውን እንደያዘ። ከዚያ ጭረቱ ይቀጥላል።
ቆጠርነው። ደገምነው። ሰው ልጠራ ብሄድ
የግራዝማች ላሞች ወረዱ በዚያው መንገድ፣
ምስክሬን ጋጡት፣ ከነጤዛው።

ሰኞ ሞተሩ ገብቶ ጤፉን ይፈጭ ጀመር፣
አንዳርጌም ጎማ ይለጥፍ፣ ነገሩን ሳይናገር።
በስምንተኛው ዓመት እናቴ ስትሞት
ያንኑ አቡጀዲ አውጥተን ገነዝናት፣
ታጥቦ፣ ተጠጋግኖ፤ ተልባው ግን አለቀቀ።
ቄሱ «ምን ይሸታል?» ቢሉ፣ አንዳርጌ ሳቀ፣
በቀብር ላይ፣ ሰው እያየው።
ወደ ጆሮዬ ጎንበስ ብሎ
«አራት እርምጃ» አለኝ።