ቀይ ሲሆን

ሐሙስ ስምንት ሰዓት፤ ፒትስበርግ ላይ ዘንቧል፤
ስድስት ሆነን ቆምን፣ ካፖርታችን ይንጠባጠባል።
ቢጫ ክብ ወረቀት፣ የሳንቲም ያህል፣
በየደረታችን ለጠፈች ቨርኔል።
«ይቺ ካለቻችሁ ማንም አይከለክል፤
ስትወጡ አንሷት ግን፤ ከልብስ ጋር ከታጠበች ሙጫዋ ያስቸግራል።»

ሠላሳ ዓመት ሙሉ ልጆች አስተምራ
ጡረታ ብትወጣም አልለቀቃት ሥራ፤
በጣቷ ትቆጥረናለች በየበሩ።
ደግሞ ወደ ኋላ እየተራመደች ነው የምታወራ፣
ፊቷ ወደኛ፣ ጀርባዋ ወደ ሥዕሉ፣ ተረከዟም አንዴ አልሳተ።

ከኦሃዮ የመጡ ባልና ሚስት አሉ፣
በየሥዕሉ ፊት «ይሄ ስንት ያወጣል?» የሚባባሉ።
ከአክስቷ ጋር ዴልፊን፣ የዘጠኝ ዓመት ልጅ፣
እግሯ እኛ ጋ ሆኖ ዓይኗ ከመስኮቱ ደጅ።
እኔ ከዝናብ ሸሽቼ።
ስድስተኛው ካሲመር ኮቫል፣
ኮፍያውን በእጁ ይዞ ዝም ብሏል።
ሐኪሙ ነው የላከው፣ «ሚስትህ ካረፈች ወዲህ ቤት መዋል
አብዝተሃል» ብሎ።
እሱም እያንዳንዱን ክፍል
እንደ ኪኒን ይውጣል፣
ውሃ ሳያስከትል።

አለፍን መርከቦች፣ አለፍን ፈረሶች፣
አለፍን ዳንቴል አንገታቸውን ያነቃቸው ሴቶች።
ቨርኔል አትነግረንም፤ ትጠይቃለች፤
«ምን ታያላችሁ?» ትልና ትጠብቃለች።
ዝምታው ሲረዝም የኦሃዮው ባል ጉሮሮውን ይጠርጋል፣
«ላም» ይላል።
እውነትም ላም አለች።

ዘጠነኛው ክፍል ግድግዳው ጥቁር ነው፣
ሥዕሉም አንድ ብቻ፣ ቁመቱ ሁለት ሰው።
የብረት ማቅለጫ፣ የሌሊት ፈረቃ፤
ከትልቁ ጋን አፍ ብረት ይፈሳል፣ ቀይ፣ ደም የመሰለ፤
ሠራተኞቹ ጥላ ናቸው፤ ትከሻ እንጂ ፊት የለ።

ቨርኔል ድምፅዋን ዝቅ አደረገች።
«ቀዩን እዩት» አለች።
«ቁጣ ነው የቀባው፤ የሠራተኛ ቁጣ፣
ታፍኖ ኖሮ ኖሮ ገንፍሎ የወጣ።»
አሥራ አንድ ዓመት እዚህ ቆማ ይህን ብላለች፤
ያምራልም።

«አይደለም» አለ ካሲመር።
ኮፍያው በእጁ ውስጥ ዞር፣ ዞር።
«ሠላሳ አራት ዓመት ከዚህ ነገር ፊት ነበርኩ።
ሲፈስ ነጭ ነው። እንዲህ ነጭ...»
የጣሪያውን መብራት አየ፤ አነሰበት፤ ተወው።
«በሰማያዊ መስታወት ካልሆነ ዓይን አይችለው።
ቀይ የሚሆነው ኋላ ነው፣ ሲበርድ፣ ሲደክመው።
እዚህ ማንም አልተቆጣም የኔ እመቤት፤
ይሄ ፈረቃ ማብቂያ፣ ወደ ቤት መሄጃ ሰዓት ነው።»

ዴልፊን ከመስኮቱ ተመለሰች።
«ቀይ ሲሆን አያቃጥልም ማለት ነው?»
«ያኔ ነው እንጂ! የበረደ መስሎሽ የምትነኪው»
አለና መዳፉን ዘረጋላት፤
አውራ ጣቱ ሥር የስንዴ ፍሬ የምታክል ጠባሳ ናት።

ቨርኔል መልስ አልነበራትም።
ያን ቀን ለመጀመሪያ ጊዜ ጀርባዋን ሰጠችን፤
ዞራ ሥዕሉን አየች፣ እኛን ረስታን።
«ምን ታያለህ?» አለችው፣
አስተማሪ እንደሚጠይቅ ሳይሆን
መንገድ እንደጠፋበት ሰው።
ካሲመር ጠቆማት፤ በስተግራ ያለው ጥላ
አንድ ትከሻው ወርዷል፤ አካፋውን ተደግፎ
ክብደቱን ጥሎበታል።
በሩ ላይ የቆመው ዘበኛ ሮሳሊዮ፣
ከጠዋት ጀምሮ ቃል ያልወጣው፣
«እኔም ይገርመኝ ነበር» አለ፣
«የተናደደ ሰው እንዲህ አይደለም አቋቋሙ።»
ይህን ሲል ራሱ ከቀኝ እግሩ ወደ ግራው ዞረ።

ከዚያ ሦስት ክፍል ቀርቶን ነበር፤ አላስታውሰውም።
በሩ ላይ ቨርኔል ቆጠረችን፣ አምስት፤
ደግማ ቆጠረች፣ አምስት፤
ዘጠነኛው ክፍል እንደቀረ አወቀች፣
አልጠራችውም።

ከሙዚየሙ ውጪ የመብራት ምሰሶ አለ፣
የጎብኚ ሁሉ ቢጫ ወረቀት ተለጣጥፎበት
የዓሣ ቅርፊት የመሰለ።
የኔንም ጨመርኩበት።
ካሲመር ዘግይቶ ወጣ፤ ምሰሶውን አለፈው፤
ኮፍያውን አደረገ፤ ገና እያካፋ ነው።
አውቶቡሱ መጣ። ጭጋግ በያዘው መስታወት
ሲቀመጥ አየሁት፤
ቢጫዋ ካፖርቱ ላይ ናት።