ደርሰዋል

ለቤት ምርቃት ወጥተን፣ ቱሉ ዲምቱን ለቀን፣
የስልኩን ሴት አምነን፣ ሰው መጠየቅ ንቀን፤
«ወደ ቀኝ» ትላለች፤ ቀኙ አጥር፣ ቆርቆሮ፣
«ቀጥታ» ትላለች፤ ቦይ ነው፣ የዘንድሮ።

«ቀዩ ኮንቴነር ጋ!» ሽመክት ደወለ፤
ኮንቴነሩ አምና ተጭኖ ኮበለለ።
ሚስቴ ዝም ብላለች፣ ስጦታውን አቅፋ፤
ያቺኛዋ አታርፍም ባትሪው እስኪጠፋ።

«ደርሰዋል» አለችን፣ ጤፍ ማሳ ዳር ስንደርስ፤
አገኘናት ዲንቄን በቆሎ ስትጠብስ።
«አምስተኛ መኪና!» ሳቀች እያራገበች፤
«ይህች የስልኩ ሴትዮ ልጆቼን መገበች!»

ብሎኩን ብንጠይቅ፣ በቆረቆንዳ ጠቁማ
«ከጀርባችሁ» አለች፣ ከጭሱ ውስጥ ቆማ።

ሚስቴ ያኔ ሳቀች፤
«አንድ እሸት ጨምሪ፤
ጉሮሮዋ ደርቋል፣ ያቺ ምስኪን መሪ።»