ጥርሴን የሠራው ሰው

በግራ መንጋጋዬ ከኋላ ሁለተኛው
ጥርስ የኔ አይደለም፤ ይርሳው ነው የሠራው።
ጠጠር ነው፣ ቆሎ ውስጥ ተደብቆ የሰበረኝ፣
የጀልባ ትኬት ስቆርጥ፣ የደሴት ሰው ስሸኝ።

ከጊዮርጊስ ጀርባ፣ ከዘንባባው ዳር፣
አንዲት ጠባብ ክፍል፣ መስኮቷ ወደ ባሕር፤
አንድ አምፖል፣ አንድ ወንበር፣ የሚሾር ሞረድ፣
ይርሳው ጎንበስ ብሎ በእሳት ጥርስ ሲወልድ።
በሰም ይቀርጸዋል፤ ጭቃ ያለብሰዋል፤
እቶን ያስገባዋል።
ሰሙ ቀልጦ ሲሄድ ወርቅ አይደለም የቀረው፤
ኒኬል ነው፣ ክሮም ነው፣ እንደኔ ላለ ሰው።
በዚያ ላይ ቁንጥር፣ ከመቶ እጅ ሁለት፣
ይርሳውም ስሙን የማያውቀው ብረት፤
ቀጥኖ እንዲፈስ ነው፣ ከሸክላው እንዲያያዝ፤
ርካሽ ነው፤ በካርቶን ይመጣል በትእዛዝ።
ሞርዶ ሞርዶ ሲያበቃ ብናኙን በትንፋሹ
እፍ ይለው ነበረ፤ አመድ መስሎ ራሱ።
ጭምብሉ አሮጌ ጨርቅ፣ ሲሞቀው የሚያወልቅ፤
መስኮቱ ዝግ ነው፣ እሳቱን ንፋስ እንዳይሰርቅ።

ቤሪሊየም ይሉታል። ስሙን የሰማሁት
የልጄን የኬሚስትሪ ደብተር የገለጥሁ ለት፦
አራተኛው ቤት ላይ፣ ከሊትየም ቀጥሎ፣
ከአሉሚኒየም ቀሎ፣ ሲገፉት ግን አልጎብጥ ብሎ።
ጥንት የመረመሩት «ጣፋጭ» ብለው ጠሩት
(ቀምሰው ነው እንግዲህ! ይቅር ይበላቸው፣ ላያውቁት)።
ከመዳብ ሲዋሐድ የማይደክም ሞላ፤
መፍቻ ቢሆን ብልጭታ የለው፣ ከቤንዚን አይጣላ፤
ከጨረቃም ማዶ ለኮከብ መስታወት።
ይህን ሁሉ ልጄ ቀይ አስምራበት።

ድንጋዩን ግን ከጥንት አውቀዋለሁ፤ ኦሪት ላይ ነው ያለ፣
በካህኑ ደረት፣ በአራተኛው ተራ፣ ቢረሌ የተባለ።
መረግድም ዘመዱ፣ አረንጓዴው ዕንቁ፤
የጠጁ ብርሌስ? ስሟን ከዚያ አምጥታ ይሆን? ሊቆች ይጠይቁ።
እኔ ተረቱን ነው የማውቅ፦
ብርሌ ከነቃ…

ሞረዱን ከተወ በስምንተኛው ዓመት፣
ዓሣ እየነገደ፣ ረስቶ ያን ብረት፣
ቤዛዊት ዳገት ላይ ሦስቴ ተቀመጠ።
ስድስት ወር የቲቢ ክኒን ዋጠ፤
አክታው ንጹሕ፤ ሳሉ አልራራ።
እናቱ ጠበል አሉ፤ ጎረቤት «ሲጋራ»፤
በዕድሜው አንድ እንኳ አልለኮሰ!
ይርሳው ብለው ስም አወጡለት፤ ብናኙ ግን አልረሳ፣
ሳንባው ውስጥ ተቀምጦ ቀን ሲቆጥር፣ ቀን ሲያነሳ።
ሁሉንም አይዝም ደግሞ። አብሮት የሞረደው ዘለቀ
ዛሬም ጣናን ይዋኛል፣ እስከ ቀትር፣ እየሳቀ።

ከጎንደር የመጣች አንዲት ሐኪም ናት የጠየቀችው፦
«ከዓሣው በፊትስ ምን ትሠራ ነበር?» አለችው።
በዚያ ሁሉ ደጅ፣ በዚያ ሁሉ ካርድ፣ ይህን የጠየቀ የለም።
ራጁን ብርሃን ላይ ሰቀለች፤ እሱም አየ፣ አልተናገረም፤
ሳንባው የጣና ማለዳ ነው፣ ጉም የዋጠው፣
ታንኳው ከነቀዛፊው የጠፋው።
የራጁ ቱቦ መስኮት፣ ያቺ ስሷ፣ ጨረር የምታሳልፈው፣
ከዚያው ብረት ትሠራለች አሉ፤
ያቆሰለው፣ ቁስሉን አሳየው።
ክኒኑ ያበርዳል እንጂ አያድንም፣
ብላ ነገረችው፤ አልዋሸችውም።

ትናንት ከሥራ ስወጣ ወደቡ ላይ አገኘሁት፣
ጀርባውን ለግንቡ ሰጥቶ፣ ትንፋሹን ሲሰበስባት።
አፍሬ ነበር፤ ጥርሴን በከንፈሬ ሸሸግሁ፤
በሱ ሳንባ ማኘኬን ዓሣ በበላሁ ቁጥር እያሰብሁ።
ጠጣሩ አይጎዳሽም ብሎኛል፤ ብናኙ ነው ነገሩ።
«እስቲ ክፈቺ» አለኝ፤ ከፈትኩ፤ ወደ ብርሃን አዞረኝ በእጁ፤
እንደ ድሮው አንድ ዓይኑን ጨፍኖ፣
የሠራውን ሊመዝን ጎንበስ አለና፣
«አልነቃም» አለ።
ትንሽ ቆይቶ፣ አየር ፈልጎ፣ ደገመው፦
«አልነቃም።»