ደረጃ

ከአዳማ ፍርድ ቤት፣ ከአጥሩ ጥላ ሥር፣
ማመልከቻ ጽፌ ዕድሜዬን ስቆጥር፣
ብርቄ ሆርዶፋ መጣች ከአቧራው ጋር፣
በፌስታል ጠቅልላ የመኪና ነገር።

አንዲት ሚኒባስ ናት ባሏ ያወረሳት፤
ከፖስታ ቤት ወንጂ ልታመላልሳት
ፈቃድ ብትጠይቅ መልሱ አንድ መስመር ነው፤
«ደረጃ አታሟላም» — ምክንያት የሌለው፣
ማኅተሙ ያዘመመ፣ ቀኑ የተፋቀው።

ለዳኛው ጻፍኩላት፣ ቁጣዬን ሳልሰስት።
እሱም ገለጠና ገጹን ሁለት ሦስት፣
«እናቴ፣» አላት፣ «ይህ ደጅ የመጨረሻው ነው፤
ቅሬታ ሰሚ አለ፣ ከዚያ ይግባኝ ጉባኤው፤
እነሱን ሳትጨርሺ እዚህ መምጣት ምነው?»
እውነቱን ነው፤ ሕጉም እንዲያ ይላል።
እኔም አውቅ ነበር። ግን ተስፋ፣
እንደ ወንጂ ሾፌር አቋራጭ ይወዳል።

ቅሬታ ሰሚው አራተኛ ፎቅ ነው።
ሊፍቱ ላይ «ለጊዜው አይሠራም» ተለጥፏል፤
ወረቀቱ ራሱ አርጅቶ ቢጫ ሆኗል።
ብርቄ ጉልበቷን ይዛ፣ እየቆጠረች ወጣች፤
ሰባ ስምንት እርከን። ስትወርድ ሳቀች፤
«መኪናዬ ባታሟላ፣
እኔ ደረጃውን አሟልቼ መጣሁ» አለች።

ሰብሳቢው ስብሰባ ነው። ሐሙስ ነይ። ሐሙስ መብራት የለም።
ማክሰኞ ፋይሉ ታጣ፤ ዓርብ ተገኘ፣ ገጹ ግን አልሞላም።
መኪናዋ ግቢ ውስጥ በጎማዋ ተንበርክካለች፤
ከኋላ ወንበር ሥር ዶሮ ዕንቁላል ታቅፋለች።
ረዳቷ ኦብሳ በሰው መኪና በር ተንጠልጥሎ
«ወንጂ! ወንጂ!» ይላል፤ እሷን ሲያይ ብቻ
ድምፁን ይውጠዋል፣ አቀርቅሮ ቶሎ።

ከጋራው ላይ የነፋስ ምሰሶዎቹ
ክንፋቸውን ያዞራሉ፣ ሌት ከቀን፤
«እነሱስ» ትላለች፣ «ዞረው መብራት ሰጡ፤
እኔ ዞሬ ምን?»

ነሐሴ ሃያ፦ «የቀድሞው ውሳኔ ጸንቷል።»
ይግባኙ ሠላሳ ቀን ነው።
መስከረም ዐሥራ ስምንት ስንደርስ፣ የጉባኤው ጸሐፊ
ጣቱን አጣጥፎ፣ «ሦስት ቀን አልፏል» አለ።
«ጳጉሜን ቆጥረህ ነው?» አለች ብርቄ፤
«በጳጉሜ ደሞዝ የተከፈለህ ዕለት፣ ያኔ ቁጠርብኝ!»
መዝገብ ቤቱ በሙሉ ሳቀ።
እሱም ሳቀ፤ ሳቀና ተቀበለ።

ጥር ላይ መጣች፣ ነጠላዋን ነፋስ እየገፈፈው፣
ወረቀት እያውለበለበች፣ ፊቷ የሙሽራ እናት ፊት ነው፤
«ውድቅ ሆነ!» አለችኝ፣ «ውድቅ! እልል በል፣ ጨረስኩ!»
ሃያ ዓመት በዚህ አጥር ሥር ስቀመጥ
ተረትቶ የጨፈረ ሰው ያን ቀን አየሁ።

ንጹሕ ወረቀት ዘረጋሁ። ቀን ጻፍኩ።
እሷ ዞራ ፍርድ ቤቱን ታየዋለች።
«ስንት ደረጃ አለው?»
«ሦስት።»
«ሦስት ብቻ?»
አላመነችኝም።
ሄዳ፣ ከፊቱ ቆማ፣ በጣቷ ቆጠረች።