ገጽ አርባ አንድ

ማናማ፣ ነሐሴ፣ ሰባ አንድ ዓመተ ምሕረት፤
ከእኩለ ሌሊት ወዲያም የማይበርድ ሙቀት።
የመርከብ ወኪሉን ቢሮ የምወለውል እኔ ነበርኩ፤
ቀን የተረገጠውን ሌሊት ሳጸዳ አደርኩ።

ቁልፉን የሰጠኝ ቫርጊስ ነው፣ የኬረላው ጸሐፊ፣
ባገሩ ቀይ ባንዲራ ይዞ ሰልፍ የወጣ፣ ሳቂታ፣ ለፍላፊ።
ማባዣው እንዴት እንደሚዞር ያሳየኝም እሱ።
ፊደላችንን አይቶ፣ “እግር አላቸው” አለኝ፣ “ይሄዳሉ እነሱ።
ወዴት ነው የሚሄዱት?”
“አገር ቤት” አልኩት።
አገር ቤት እሱ የያዘው ባንዲራ
ደራሲ እንደሚበላ አልነገርኩትም፤
ወረቀቱ የሱ ነበራ።

ጽሑፉን ያመጣው ኢድሪስ፣ የአሰቡ መርከበኛ፣
በዱቄት ወተት ቆርቆሮ፣ ከዱቄቱ ሥር፣ በላስቲክ ጠቅልሎ።
መቶ ሦስት ቅጠል፣ በእርሳስ፤
ሳንሱር አንብቦ የደነገጠበት።
ደራሲው ደብረ ታቦር ያስተምር ነበር፤ ሌላ የማውቀው የለም።
“የእጁ ጽሕፈት ከተገኘ አንገቱ ነው” አለኝ ኢድሪስ፣
“ገልብጠሽ አቃጥይው፣ አንድም እንዳታስቀሪ።”

አንድ ቅጠል እገለብጣለሁ፣ በሰሙ ወረቀት ላይ፣ ቀለም በሌለው ብዕር እየጫርኩ፤
አንድ ቅጠል አቃጥላለሁ፣ በእጅ መታጠቢያው ውስጥ፣ አመዱን በውኃ እየሸኘሁ።

በአሥራ አንደኛው ሌሊት መብራት ሄደ።
ማቀዝቀዣው አንዴ አጉረምርሞ ዝም አለ።
ሰሙ ላበው፤ ቀለጠ። አርባ አንደኛው ገጽ
ጭረቱ እንደ ቁስል ገጠመ፣
የ“ሰ” እግር፣ የ“ነ” አንገት፣ አንድ ላይ ተደመደመ።
የሰውየው እርሳስ ቀድሞ በቧንቧው ሄዷል።

አርባ ላይ አባትዬው ከወህኒው አጥር ሥር ቆሟል፤
አርባ ሁለት ላይ ልጁን አቅፏል።
መሀሉን አላውቀውም፤
እጄ ጽፎታል እንጂ ዓይኔ እንቅልፍ ይዞት ነበር።
መርከቡ የሚነሣው ደግሞ ሊነጋጋ ሲል ነው።

ወጥቼ ቆምኩ። ባሕሩ ሸሽቷል።
እዚህ እንዲህ ነው፤ በሌሊት ይሸሻል፣
ጀልባዎቹን ጭቃ ላይ በጎናቸው አስተኝቶ፣
ሸርጣኑን፣ የዓሣ አጥንቱን፣ የአንድ እግር ጫማ ሳይቀር ገልጦ፤
ከዚያ ማንም ሳይጠራው ይመለሳል።

ገባሁ። በባትሪ ብርሃን ጻፍኩት፤ አባት ለልጁ ሲል፦
“ውኃው ቢሸሽ ጀልባ አይደነግጥም፣
በጎኑ ተኝቶ ይጠብቃል እንጂ፤ ሄደ የተባለ ሁሉ አልሄደም።”
ቀጠልኩ፣ ገጹ እስኪሞላ። ይቅር በለኝ አላልኩም፤ ጊዜ አልነበረም።

ሠላሳ ቅጂ ወጣ፣ ክንዴ እስኪዝል በእጅ ዞሮ።
በተምር ካርቶን፣ ከተምሩ በታች፣ ኢድሪስ ይዞት ሄደ።
ደራሲው ተይዟል ተባለ በጥቅምት።
የት እንደተቀበረ የሚያውቅ የለም እስካሁን።

በሰማንያ ስድስት፣ ሙሐረቅ፣ ከልብስ ሰፊዋ ስንዱ ቤት
አዲስ የመጣ ሾፌር፣ ሸዋንግዛው የሚሉት፣
ሻይ ይዞ ተቀምጦ ስለ እስሩ ያወራል፤ ሰባት ዓመት።
“መጽሐፉ ሲበጣጠስ በቃል አጠናነው” አለ፣
“በየገጹ ተከፋፍለን፤ ለኔ አርባ አንድ ደረሰኝ።
መርማሪው ጋ ሲወስዱኝ እሱን እላለሁ፤
ሲመልሱኝም እሱን።”
ዓይኑን ጨፍኖ አለው፣ ከጫፍ እስከ ጫፍ።
ስንዱ መኪናዋን አቆመች።

“የሚደንቀኝ ግን” አለ፣ “ደብረ ታቦር አድጎ፣
ጣናን እንጂ ሌላ ውኃ ሳያይ ኖሮ፤
ጣና ደግሞ አይሸሽም፣
ባሕር በሌሊት እንደሚሸሽ ማን ነገረው?”

“እንጃ” አልኩ።
ቁልፍ የምተክልበትን ሸሚዝ ገለበጥኩ፣ መልሼ ገለበጥኩ።
“ብቻ… ‘ተኝቶ ይታገሣል’ አይልም።
‘ይጠብቃል’ ነው የሚለው።”

ቀና ብሎ አየኝ።
ሻዩን አስቀመጠ።