ማር ማለት ባሕር ነው

ሦስታችን በአንድ ዴስክ ተጣበን ተቀምጠን፣
ጉም ከጦሳ ወርዶ፣ በስባሪው መስኮት ገብቶ፣ አራተኛ ሆኖን፣
መምህር ሙሄ ይመር ኬሚስትሪ ያስተምራል፤
አሲድን ለቤዝ ድሮ ጨው ያስወልዳል፤
ከዚያ ጠመኔው ያስለዋል።

«ሳል» አለን አንድ ቀን፣ መሃረቡን አጥፎ፣
«እኔ ባደግሁበት፣ ጨው ማለት ነው።» ሳቃችን ግንቡን አልፎ
ከጎን ያለው ክፍል ድረስ ተሰማ።
«ማርስ?» ሲል ጠየቀን።
«ማር ነዋ!» አልነው።
«ባሕር ነው» አለና ዝም አለ፣ ማዕበል እንደሚያዳምጥ ሰው።
የቄሱ ልጅ ልሳኑ ከኋላ ተነሥቶ፣
«ሰሙ ማር፣ ወርቁ ባሕር» አለ፣ የአባቱን ድምፅ አውጥቶ።

አባቱ ካራማራ የቀረበት ነው። በመርከብ ጭነውት
ከብዙ ልጆች ጋር ኩባ፣ ደሴት ላይ አሳደጉት፤
እኩሌታ ቀን ሲማር፣ እኩሌታ ብርቱካን ሲለቅም፣
«እማ» የሚልበት አፉ እስኪደክም።
ግጥም በቃል ያስጠኗቸው ነበር፣ በሰልፍ፣ ከቁርስ በፊት፤
ስንጠይቀው ግን «ለፈተና አይመጣም» ይልና
ይከረቸማል እንደ ቤት።

ሸዋ በር እኛ ቤት ግድግዳው ያልበዋል።
እናቴ የብርቱካን ልጣጭ አትጥልም፤ በክር ይሰቀላል።
ማታ ከከሰሉ ዳር፣ ሳይነድ፣ እንዲያው ሞቅ ይለዋል፤
ሻጋታውን አሳፍሮ
ብርድ ልብሱን፣ ደብተሩን፣ ሹራቤን ይወርሳል።

እና ያን ዕለት ሙሄ የቤት ሥራ እያረመ
በዴስኮቹ መሃል ሲመጣ፣ ሲመጣ፣ እኔ ጋ ሲደርስ ቆመ።
ቀይ እስክሪብቶው አየር ላይ።
እጅጌዬን ያየ መስሎኝ ቀዳዳውን ሸፈንሁ።
ለካ እያሸተተ ነው።

ወደ ሰሌዳው ሄደ። ግማሹን ቀመር በመዳፉ አበሰ፣
ላ ካሳ ዌሌ ኣ . . .
ጠመኔው እዚያ ላይ ጨረሰ።
«ካሳ፣ ቤት። ዌሌ፣ ይሸታል። ቤቱ ይሸታል . . .»
ምን ምን እንደሚሸት ሳይነግረን ደወል ሆነ፤
ተረኞች ሰሌዳውን አጸዱ።
ከገና በኋላ ቦሩ ሜዳ ተኛ።
ሌላ መምህር መጣ፣ ሳል የሌለበት፣
ጨውን ጨው ብቻ የሚል።

አሁን ኮምቦልቻ ነኝ። ከሰዓት ሲሞቅ የቢራው ብቅል ሰፈር ይሞላል።
ልጄ የሚነፋ ቆርቆሮ ገዝታለች፤ «ብርቱካን» ይላል፤
ይነፋል፣
ማንንም አያመጣም።
የሸዋ በሩን ቤት ዓምና መንገድ ወሰደው።
ካሳ ከፈሉን።
ፈርሜ ስቀበል ሳቄ መጣ። ካሳ፣ ቤት።
«ምነው እትዬ?» አለች ጸሐፊዋ።
ምን እላታለሁ?
ብሩን ወደ አፍንጫዬ አስጠጋሁ፣ የሰው እጅ፣ የላስቲክ ማሰሪያ፣ ሌላ ምንም።

ዛሬ ማታ የደረቀ ልጣጭ ከከሰሉ ዳር አኖርሁ፤
ልጄ «ኧረ ተቃጠለ!» ብላ መስኮት ከፈተች።
ጉም የለም እዚህ፣ የሚገባ።
ላ ካሳ ዌሌ ኣ . . .
ልጨርሰው አፌን ስከፍት
ሳል ያዘኝ።

ጨው ማለት ነው።