ጥለት

ሐሙስ ሐሙስ ከሰዓት፣ አራት ኪሎ፣ ከሙዚየሙ ጀርባ ባለች ክፍል፣
ለእንስሳት ሳይንስ የአማርኛ ቃል እንደ ባቄላ ስንፈለፍል፣
እነሱ አምስት ምሁራን፣ እኔ ቃለ ጉባኤ ያዥ፣
እነሱ በላቲን ሲፈጥኑ፣ እኔ በእርሳስ ተጓዥ፤
ጥርስና ጥፍር ጨርሰን፣ ጭራና ሰኮና ጨርሰን፣
አንድ ቃል ላይ ቆምን፣ ከሌሊት ወፍ ክንፍ ደርሰን።

ፓታጊየም።

ከጣት ወደ ጣት፣ ከጣት እስከ ቁርጭምጭሚት የተወጠረ
ያ ስስ ቆዳ፣ በአማርኛ፣ ስም አጥቶ ሁለት ሳምንት አደረ።
አንዱ «ስስ የክንፍ ሽፋን» አለ፣ አንዱ «የቆዳ ሸራ»፣
ሦስተኛው «እንዳለ ይጻፍ፣ ባዕድ ቃል አይፈራ»።
ለነገሩ ባለቤቲቱስ መች የራሷ ስም አላት?
ወፍ ብለን እንጠራትና፣ ወፍ አይደለሽም የምንላት።
በተረቱም ግብር ሲመጣ አይጥ ነኝ፣ ድግስ ሲሆን ወፍ ነኝ ብላ፣
ከሁለቱም ተባርራ፣
በቀን እንዳትወጣ ተከልክላ።

ጋሽ ዘውገ ጥግ ላይ ነበሩ። አርባ ዓመት ቆዳ ገፋፊ፣
ወፍ በጥጥ ሞልተው ሰፊ፤
ከጡረታ ቤታቸው ለክብር ተብሎ የተጠሩ፤
ፎርማሊን ያነጣውን ጣት አንስተው ተናገሩ፦
«ቃሉ ክንፍ ከመሆኑ በፊት የሴት ልብስ ነበር፣ በሮማ፤
በቀሚስ ጠርዝ የሚሰፋ ወርቅ…» ሲሉ፣ ማንም አልሰማ።
«ይሄን እኛ ጥለት አንለውም?»
«ባለ ጥለት አይጥ!» አለ አንዱ። ተሳቀ። ሰብሳቢው ሰዓቱን አየ።

ሲመሽ አብረን ሄድን። በራስ መኮንን ድልድይ ወርደን፣ ዳገቱን ወጣን፤
ኮታቸው ሥር ጠርሙስ አለ፤ ሰው ሲገፋቸው እኔ ደነገጥሁ፣ እሳቸው ዝም።
ዶሮ ማነቂያ፣ ወይዘሮ ደብሪቱ ዘንድ፣
ካረጀ የአርመን ቤት ሥር፣ የስፌት መኪና አንድ።
ኮርኒሱ ያንሾካሽካል።
«ደባሎቼ ናቸው» አለች፣ «ኪራይ የማይከፍሉ፤
አንዷን እርስዎ ወሰዱብኝ፣ ድሮ፣ እመልሳለሁ እያሉ።»

ጠርሙሱን አምፖል ላይ ያዘችው፣ መነጽሯን ዝቅ አደረገች፤
አልቀፈፋትም፤ ክንፏን እንደ ሰው ሥራ መረመረች፦
ከየት እንደተጀመረ፣ በየት በኩል እንደታጠፈ፣
የት ላይ እንደሳሳ፣ ክሩ የት እንዳረፈ።
«ጥለት እኮ» አለች ቆይታ፣ «ለብቻው አይቆምም፣ ልብስ ይፈልጋል፤
ይቺ ግን ገላዋ ጥፍር ታህል፣ ጠርዟ ይኸው፣ ይዘረጋል።
ጋሼ፣ ነጠላ የላትም። ነጠላው አልቆ
ጥለቱ ነው የቀረው።»
ጋሽ ዘውገ መልስ አልሰጡም፤ ፊታቸው ግን ስቆ።

በሚቀጥለው ሐሙስ ድምፅ ተሰጠ።
«ስስ የክንፍ ሽፋን»፦ አራት። ድምፀ ተዓቅቦ፦ አንድ።
ጋሽ ዘውገ አልመጡም፤ ለክብር የተጠራ አይቆጠርም።
ጸሐፊም ድምፅ የላትም። ጻፍሁ። ገጽ ስድሳ አንድ።

በጥር ቀበርናቸው።

በዓመቱ ዶሮ ማነቂያ ፈረሰ። ደብሪቱን ገላን አወረዷት፤
መኪናዋን ጫኑላት፤ ደባሎቿን ማን ይጫንላት?
ስካቫተሩ ኮርኒሱን ሲቀድ ከጠዋቱ አራት ሰዓት ነበር፤
በቀን አትውጡ የተባሉት ወጡ፤ ታዲያ የት ይታደር?
ፀሐይ ከጀርባቸው ሆና፣ አቧራው መሃል ሲዞሩ፣
ያ ቡናማ ክንፍ ሁሉ ወርቅ መሰለ ዳር ዳሩ።
አጥር ላይ ተደግፌ፣ አንገቴን ሰብሬ ቆየሁ።
ከፒያሳ በላይ ጥለት ተንሳፈፈ፤
ከሥሩ የነበረው ቀሚስ
ተገፈፈ።

ቢሮ ተመልሼ ቁም ሳጥኑን ከፈትሁ።
ጠርሙሱ ላይ በመኪና የተጻፈው ወረቀት አለ፦ ስስ የክንፍ ሽፋን።
ከሥሩ በእርሳስ፣ በሚንቀጠቀጥ እጅ፦
«ጥለት። ልብሱ የጠፋ።»

ላጲስ በኪሴ ነበር።
ቁም ሳጥኑን ዘጋሁት።